ፍቅር ባልጠበቁት ደጅ ሲመጣ



ስለ ፍቅር ከሚደርሱኝ ጥያቄዎች ሁለቱ ይደጋገማሉ። ወጣቶቹ «የት ሄጄ ላግኝ?» ይላሉ። ዕድሜያቸው ገፋ ያለው፣ የተፋቱት፣ የትዳር አጋራቸውን በሞት ያጡት ደግሞ «ለእኔማ ጊዜው አልፏል» ብለው ይጀምሩና ሁለት ገጽ ሙሉ ይጽፋሉ። በእውነት አልፏል ብሎ ያመነ ሰው ግን ሁለት ገጽ አይጽፍም። ስለዚህ የዛሬው ጨዋታችን ለሁለቱም ወገን ነው። ባልታሰበ ሰዓት፣ ባልታሰበ ቦታ ስለሚመጣው ፍቅር እናወጋለን።

«ፈልጌ ፈልጌ ሲሰለቸኝ፣ ስተወው መጣልኝ» የሚል ሰው በየሰፈሩ አለ። አንዳንዱ ዕድል ነው ይላል፤ አንዳንዱ «እግዚአብሔር ሳይደግስ አይጣላም» ብሎ ያመሰግናል። በዚህ የምከራከረው ነገር የለኝም። ነገር ግን እነዚህን ሰዎች «መጀመሪያ የት ነው የተያያችሁት?» ብላችሁ ጠይቋቸው። የብዙዎቹ መልስ ይመሳሰላል። አክስት «አንድ ጨዋ ልጅ አለ» ብላ የጠራችው ቡና ላይ አይደለም። በየሳምንቱ ሳያስቡት ይሄዱበት የነበረ ቦታ ነው፤ ማኅበር፣ እቁብ፣ መሥሪያ ቤት፣ የማታ ትምህርት፣ ልጅ ለማምጣት የሚቆሙበት የትምህርት ቤት በር፣ በሽተኛ የሚያስታምሙበት ክፍል። ያልጠበቁት ሰዓቱን ነው እንጂ ሰውየውስ ለካ አጠገባቸው ኖሯል።

ከሩቅ ዘመድ የቅርብ ጎረቤት

ይህን ነገር ተመራማሪዎችም ካስተዋሉት ቆይተዋል። ጄምስ ቦሳርድ የተባለ አሜሪካዊ የማኅበረሰብ ጥናት ባለሙያ እ.ኤ.አ. በ1932 ባሳተመው ጥናት፣ በፊላዴልፊያ ከተማ የጋብቻ ፈቃድ ያወጡ 5,000 ጥንዶችን አድራሻ ተመለከተ። ከሦስቱ ጥንዶች የአንዱ ያህል፣ ከመጋባታቸው በፊት የሚኖሩት አምስት ብሎክ በማይሞላ ወይም በማያልፍ ርቀት ውስጥ ነበር። ያን በሚያህል ከተማ ውስጥ ብዙ ሰው የትዳር ጓደኛውን ያገኘው ከሰፈሩ ሳይርቅ ነው ማለት ነው።

ከስድሳ ዓመት በኋላ ደግሞ፣ እ.ኤ.አ. በ1992፣ ሪቻርድ ሞርላንድና ስኮት ቢች የተባሉ አጥኚዎች በፒትስበርግ ዩኒቨርሲቲ አንድ ሙከራ አሳተሙ። መልካቸው የሚቀራረብ አራት ሴቶች ተማሪ መስለው ብዙ ተማሪ ባለበት አንድ ክፍል እንዲገኙ አደረጉ። አንዷ ጨርሶ አልገባችም፤ ሌሎቹ 5፣ 10 እና 15 ጊዜ ገቡ። ከማንም ጋር አላወሩም፤ ገብተው ቁጭ ብለው ይወጡ ነበር። በመጨረሻ ተማሪዎቹ የአራቱን ምስል አይተው አስተያየት ሲሰጡ፣ ደጋግማ የገባችዋ የበለጠ ተወደደች። የሚገርመው፣ ተማሪዎቹ እሷን ማየታቸውን እንኳ በደንብ አያስታውሱም ነበር። ልባቸው የለመደውን ጭንቅላታቸው አልመዘገበውም።

እኛ «ከሩቅ ዘመድ የቅርብ ጎረቤት» የምንለው ለችግር ጊዜ ነው። ለፍቅርም ሳይሠራ አይቀርም። እርግጥ ነው፣ ደጋግሞ መተያየት ብቻውን የተጣላን አያፋቅርም። ገና ከጅምሩ ያስጠላን ሰው ሲደጋገምብን ይብስብናል እንጂ አይወደድልንም። ለጨዋ ሰው ግን ጊዜ ጠበቃው ነው።

ከዚህ የምንወስደው አንድ ነገር አለ። «ዝም ብለሽ ተቀመጪ፣ ራሱ ይመጣል» የሚለው ምክር ግማሹ ብቻ ነው ትክክል። ማሳደድ አያስፈልግ ይሆናል፤ መገኘት ግን ያስፈልጋል። ከሥራ ወደ ቤት፣ ከቤት ወደ ሥራ፣ ማታ ስልክ ላይ ተደፍቶ የሚያመሽ ሰው፣ ፍቅር ልምጣ ቢል እንኳ መግቢያ በር የለውም።

ያልፈለገ ሰው አይደበቅም

የማውቃት አንዲት የሒሳብ ባለሙያ አለች። 33 ዓመት እስኪሞላት ድረስ ቤተሰቧ ያላስተዋወቃት ሰው አልነበረም። በየሰርጉ «የአንቺንስ መቼ ነው የምንበላው?» የሚል ጥያቄ ስለሰለቻት፣ ሰርግ መሄድ ራሱን እስከ ማቆም ደርሳ ነበር። ትውውቆቹ ሁሉ አንድ ዓይነት ነበሩ። ልብስ ተመርጦ፣ ካፌ ተመርጦ፣ ወሬ ተመርጦ። ሁለቱም ወገን ያማረውን ይዞ ይመጣል፤ ሁለቱም ወገን ሌላው የደበቀውን ለማወቅ ይጨነቃል። ፈተና ላይ የተቀመጠ ሰው ደግሞ እንዴት ያፈቅራል?

በዚያው ሁሉ ጊዜ ጠዋት 12፡30 ላይ የመሥሪያ ቤቱን ሰርቪስ ትጠብቃለች። ከኋላዋ ካለው ወንበር ላይ ሁልጊዜ የሚቀመጥ የሥራ ባልደረባ ነበር። ሦስት ዓመት ሙሉ ያየችው እንቅልፍ ባልለቀቀው ዓይኑ ነው። እሱም ያያት ፊቷን ሳትቀባ፣ በሰነድ መዝጊያ ሰሞን በንዴት ስትነፋረቅ፣ ዳቦ በፌስታል ይዛ እየገመጠች ነው። አንዳቸውም ሌላውን ለማስደነቅ አላሰቡም። ነገር ግን ብዙ ነገር ታውቅ ነበር። ከእናቱ ጋር በስልክ ሲያወራ ድምፁ እንደሚለሰልስ፣ ነፍሰ ጡር ባልደረባቸው ስትገባ ሳይጠራ እንደሚነሣ፣ የሾፌሩ ልጅ ታሞ ሆስፒታል በገባ ጊዜ መዋጮውን በየወንበሩ እየዞረ ያለ ብዙ ወሬ የሰበሰበው እሱ እንደነበር።

ከዚያ ወደ ሌላ ቅርንጫፍ ተዛወረ። የመጀመሪያዎቹን ቀናት ያመመው መስሏት ነበር። መዛወሩን ስትሰማ ያዘናት ነገር ለራሷም ገረማት። ማታ ስልኳን አንሥታ «ሰርቪሱ ቀዘቀዘ» ብላ ጻፈችለት። «መስኮቱን ዝጊዋ» ብሎ መለሰ። ትንሽ ቆይቶ ደግሞ «እኔም እዚህ በርዶኛል» የሚል ጨመረ። ዛሬ የሁለት ዓመት ልጅ አላቸው።

የሚያስቀው፣ እንዲህ ዓይነት ሰው ነው የምፈልገው ብላ የያዘችው ዝርዝር ነበራት። ቁመት፣ መኪና፣ ሁለተኛ ዲግሪ። ልጁ በሁለቱ ይወድቃል። ዝርዝር መያዝ ክፋት የለውም፤ ግን ልብ ብላችሁ ተመልከቱት። አብዛኛው ነገር በአንድ ቡና ላይ ታይቶ የሚያልቅ ነው። ትዳር የሚያቆመው ነገር ደግሞ በአንድ ቡና አይታይም። ሰው ሲናደድ ምን ይሆናል? ገንዘብ ሲያጥረውስ? ምንም ሊጠቅመው ለማይችል ሰው እንዴት ነው? ይህን የምታዩት ሰውየው እናንተ እያያችሁት መሆኑን በማያስብበት ሰዓት ነው።

የእድሩ ሳህኖች

አሁን ወደ «ጊዜዬ አልፏል» ባዮቹ እንምጣ። በአዲስ አበባ አንድ የቆየ ሰፈር የሚኖሩ፣ ታሪካቸውን ስማቸውን ሳልጠራ እንድጽፈው የፈቀዱልኝ የ54 ዓመት እናት አሉ። ባላቸው ካረፉ ስምንት ዓመት ሆኗቸው ነበር። በሰፈሩ እድር የዕቃ ግምጃ ቤት ኃላፊ ናቸው። ጸሐፊው ደግሞ ሚስታቸው የሞቱባቸው ጡረተኛ መምህር ናቸው። ለቅሶ በደረሰ ቁጥር ሁለቱ ተገናኝተው ድንኳኑን፣ አግዳሚውን፣ ብረት ድስቱን፣ ሳህኑንና ብርጭቆውን ቆጥረው ያስወጣሉ። ከሠልስት በኋላ ቆጥረው ያስገባሉ። እሳቸው ይቆጥራሉ፣ መምህሩ ይጽፋሉ። ሁለት ዓመት እንዲህ አለፈ።

አንድ ጊዜ ስድስት ሳህን ጎደለ። ሌሎቹ የኮሚቴ አባላት «ይቅር፣ ይተካል» አሉ። እሳቸው ግን በየቤቱ ዞረው ሊፈልጉ ተነሡ፤ መምህሩም ደብተራቸውን ይዘው ተከተሉ። በመንገድ ላይ ለመጀመሪያ ጊዜ ከሳህን ውጭ የሆነ ወሬ አወሩ። አምስቱ ሳህን ተገኘ። «ለሰው ሳህን እንዲህ የሆኑ፣ ለራስዎ ነገር እንዴት ይሆኑ ነበር?» አሏቸው መምህሩ። «እኔ ምን የራሴ ነገር አለኝና» ብለው ሳቁ።

ከጥቂት ወራት በኋላ ጉልበታቸውን አሟቸው ተኙ። የእድሩ ሰዎች ሊጠይቁ መጡ፤ ቡና ተፈላ፤ ጠያቂው ተሰናብቶ ወጣ። መምህሩ ወደ ኋላ ቀርተው ነበር። ምንም ሳይናገሩ ሲኒዎቹን ሰብስበው ወደ ጓዳ ገቡ፣ አጠቡ፣ ረከቦቱ ላይ ደፍተው «እግዜር ይማርዎ» ብለው ሄዱ። በ63 ዓመታቸው ሲኒ ያጠቡ ወንድ በዚያ ሰፈር ታይተው አይታወቁም።

«የገባኝ ያን ዕለት ሌሊት ነው» አሉኝ እናት። «ስምንት ዓመት ሙሉ በዚህ ቤት ሲኒ ያጠበልኝ ሰው አልነበረም።»

ነገሩ ሲታወቅ ግን ቀላል አልሆነም። ሴት ልጃቸው «እማዬ፣ አባዬን ረሳሽው? ሰውስ ምን ይለናል?» ብላ አለቀሰች። አሜሪካ ያለው ወንድ ልጃቸው ደውሎ «ብቸኝነት ከሆነ የከበደሽ እኔ ጋ ነይ፤ ልጆቹንም ታዪልኛለሽ» አላቸው። የሰጡት መልስ ለእኔ እስከ ዛሬ ከጆሮዬ አልጠፋም። «የልጅ ልጆቼን ማየት እወዳለሁ፣ ልጄ። ግን አንተም ሚስትህም ደክሟችሁ፣ ልጆችህም ከተኙ በኋላ እኔ ከማን ጋር ላውራ?»

እዚህ ላይ ወላጆቻቸው ብቻቸውን ለቀሩባቸው ልጆች አንድ ነገር ልበል። እናታችሁ ወይም አባታችሁ ዳግመኛ ሲያገቡ የሞተውን እየሰረዙ አይደለም። በእኒህ እናት ሳሎን የቀድሞ ባላቸው ፎቶግራፍ ዛሬም ግድግዳው ላይ ነው፤ ሙት ዓመቱ ሲደርስ ወንበር የሚደረድሩት አዲሱ ባላቸው ናቸው። በእናንተ ጭንቅላት እናት ማለት ለሌላ ሰው የምትኖር ናት። ለእናንተ ስትኖር ሠላሳ ዓመት አልፏል። ቀሪው ጊዜ የራሷ ቢሆን ማን ተጎዳ?

ቤቱስ የማን ይሆናል?

እውነቱን እንነጋገርና፣ «ሰው ምን ይላል» ከሚለው ጀርባ ብዙ ጊዜ ሌላ ፍርሃት አለ፤ ቤቱ። ሕጉ የሚለውን ማወቅ ግማሹን ጠብ ያበርዳል።

አንደኛ፣ የሟች ወላጅ ድርሻ አለ። ከጋራ ሀብቱ የሟቹ ድርሻ የወራሾቹ ነው። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ በቁጥር 842 ላይ፣ ኑዛዜ ከሌለ በመጀመሪያ የሚጠሩት ወራሾች ልጆች እንደሆኑ ይደነግጋል። ከአዲሱ ጋብቻ በፊት የውርሱን ነገር አጣርቶ መጨረስ ለሁሉም ሰላም ነው።

ሁለተኛ፣ በዚሁ ሕግ ባል ወይም ሚስት ያለ ኑዛዜ ከሚወርሱት ሰዎች ተራ ውስጥ አልተቆጠሩም። ስለዚህ «ነገ እናታችን ብትሞት እንግዳ ሰው ይወርሰናል» የሚለው ስጋት፣ ኑዛዜ ካልተጻፈለት በስተቀር፣ በሕጉ መሠረት የለውም።

ሦስተኛ፣ በ1992 ዓ.ም. የወጣው የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ (አዋጅ ቁጥር 213/1992) ከጋብቻ በፊት የነበረ ንብረት የግል ሆኖ እንደሚቀጥል ይናገራል። ነገር ግን ሁለት ነገር ልብ በሉ። የግል መሆኑ ካልተረጋገጠ፣ በአንዱ ስም የተመዘገበ ንብረት እንኳ የጋራ ነው ተብሎ ይገመታል፤ ስለዚህ ማስረጃችሁን በደንብ ያዙ። ከግል ንብረት የሚገኝ ገቢም፣ ለምሳሌ የቤት ኪራይ፣ በጋብቻው ዘመን የጋራ ነው።

አራተኛ፣ በዚህ ሁሉ ላይ መነጋገር የሚፈልጉ ተጋቢዎች የጋብቻ ውል ማድረግ ይችላሉ። ውሉ ከጋብቻው በፊት ወይም በጋብቻው ዕለት፣ በጽሑፍ ሆኖ፣ በአራት ምስክሮች ፊት ይደረጋል፤ ሁለቱ በባል በኩል፣ ሁለቱ በሚስት በኩል። ሴቶች ደግሞ የቀድሞ ጋብቻቸው በሞት ወይም በፍቺ ከፈረሰ በኋላ 180 ቀን ሳይሞላ እንደገና ማግባት እንደማይችሉ፣ እርጉዝ አለመሆንን በሕክምና ማስረጃ ማሳየትን የመሳሰሉ ልዩ ሁኔታዎች እንዳሉም እወቁ። ክልሎች የየራሳቸው የቤተሰብ ሕግ ስላላቸው፣ በክልል የምትኖሩ የአካባቢያችሁን የሕግ ባለሙያ ጠይቁ።

የውል ነገር ሲነሣ ፍቅር የሚቀዘቅዝ የሚመስለው ሰው ብዙ ነው። በ25 ዓመት ዕድሜ ይህ ሊሆን ይችላል። በ54 ዓመት ግን ልጅም፣ ቤትም፣ ትዝታም ይዞ የሚመጣ ሰው፣ ይዞ የመጣውን በግልጽ ቢያስቀምጥ ያስከብረዋል እንጂ አያሳፍረውም። እኒያ እናትም እንዲሁ አደረጉ። ጠበቃ ፈልጋ ያመጣችው መጀመሪያ ያለቀሰችው ሴት ልጃቸው ነበረች። ወንድ ልጃቸው ግን ዛሬም ሲደውል «ሰውየው ደህና ናቸው?» ይላል፤ ስማቸውን ጠርቶ አያውቅም። ሁሉም ነገር በአንድ ጊዜ አይስተካከልም። እናትየው «ይለምዳል» ይላሉ፤ እኛም ይልመድ እንላለን።

ያልጠረጠረ ተመነጠረ

ባልተጠበቀ በር የሚገባው ሁሉ ፍቅር አይደለም። ብቸኝነት የሚሸተው ሰውም አለ። በተለይ በስልክ ብቻ የሚመጣ፣ በሁለተኛው ሳምንት «ያለአንቺ መኖር አልችልም» የሚል፣ ፊቱን በቪዲዮ ማሳየት በተባለ ቁጥር ኔትወርክ የሚጠፋበት፣ በመጨረሻም ለቪዛ፣ ለሕክምና ወይም ጉምሩክ ለተያዘ ሻንጣ ገንዘብ የሚለምን ሰው ካጋጠማችሁ፣ ያ ፍቅር ሳይሆን ሥራው ነው። በአረብ አገር የምትሠሩ እህቶቻችን፣ ይህን በተለይ ለእናንተ እላለሁ። የዓመታት ላባችሁን የሚጠይቅ ሰው፣ ቢያንስ ቤተሰቡን፣ ሰፈሩንና የሥራ ቦታውን ዘመዶቻችሁ ሄደው እንዲያዩ ይፍቀድ። እምቢ ካለ መልሱን አግኝታችኋል።

ከላይ ያነሣኋቸውን ሁለት ታሪኮች አስቡ። በሁለቱም ምስክር ነበረ፤ ሰርቪሱ ሙሉ ባልደረባ፣ እድሩ ሙሉ ጎረቤት። «በምስጢር ይሁን፣ ለማንም እንዳትነግሪ» የሚል ፍቅር ግን ሊጠረጠር ይገባዋል። ቁም ነገሩ ሲመጣም፣ በማንኛውም ዕድሜ ብትሆኑ፣ የኤችአይቪን ጨምሮ የጤና ምርመራ አብራችሁ አድርጉ። ዕድሜ ከዚህ ነፃ አያወጣም።

እንግዲህ ምን እናድርግ?

በየሳምንቱ ሰው የምታገኙበት፣ ለፍቅር ብላችሁ ያልገባችሁበት አንድ ቦታ ይኑራችሁ። የምትወዱትን ነገር የምታደርጉበት ወይም ለሌላ ሰው የምትጠቅሙበት ቢሆን ይመረጣል። ፍቅር ባይገኝበት እንኳ ጓደኛ አይጠፋበትም።

አጠገባችሁ ያለውን ሰው እንደ አዲስ ተመልከቱት። ለዓመታት «እሱማ እንደ ወንድሜ ነው» ስትሉት የነበረው ሰው ነገ ባይኖር ይጎድላችኋል? ወንበሩ ባዶ እስኪሆን አትጠብቁ።

የምትወዱት ሰው ካለ ደግሞ ነገሩን በትንሹ አሳዩት። መግለጫ ማውጣት አያስፈልግም። «ሰርቪሱ ቀዘቀዘ» ማለትም ሲኒ ማጠብም ይበቃል። የማይፈልግ ሰው አይመልስላችሁም፤ እናንተም ክብራችሁን ይዛችሁ ትቀጥላላችሁ።

ብቻችሁን ሆናችሁ ደስ ብሏችሁ የምትኖሩ ካላችሁ፣ ይህ ሁሉ ጽሑፍ እናንተን ለማባበል አልተጻፈም። ብቻ መኖር በሽታ አይደለም፤ «ቆሞ ቀር» የሚለውን ስድብ ለተሳዳቢው ተዉለት። ብቻ «ለእኔማ አልፏል» የምትሉት ውሳኔያችሁ ይሁን፤ ፍርሃታችሁ ወይም የጎረቤት ምላስ የወሰነላችሁ እንዳይሆን።

መምህሩና እናት ከተጋቡ ዓመት ከመንፈቅ ሆኗቸዋል። እስከ ዛሬ እርስ በርስ የሚጠራሩት «አንቱ» እየተባባሉ ነው። «ለምን አንተ አይሏቸውም?» ብዬ ብጠይቃቸው፣ እናት ትንሽ አሰብ አድርገው «አንቱ ሲሉኝ ደስ ይለኛል፤ ለምን ላስቀረው?» አሉኝ። ስድስተኛው ሳህን እስካሁን አልተገኘም።

በሚቀጥለው ወር እስክንገናኝ ቸር ሰንብቱ።